አውድማውን ስናርስ

እኔ የቡሬ ገጠር ልጅ ነኝ። ወላጆቼ አገዎች ናቸው፤ እቤታችን አገውኛም አማርኛም ይነገር ነበር። ተድሬ የመጣሁት ከፍኖተ ሰላም ከተማ ወጣ ብሎ፣ ከአስፋልቱ አንድ ዳገት ገባ ብሎ ወዳለ መንደር ነው። የባሌ አባት ግቢ ስገባ መጀመሪያ ዓይኔ ያረፈው አውድማው ላይ ነበር።

አውድማው ከቤቱ በላይ፣ ነፋስ በማይጠፋበት ከፍታ ላይ ነበር። አማቴ በየዓመቱ ጥቅምት ሲያልቅ የበቀለበትን ሣር ልጠው ያነሱና ውሃ አርከፍክፈው ከብቶቹን ያስረግጡበታል። ቀጥሎ የእኛ የሴቶቹ ተራ ነው፤ እበት በውሃ በጥብጠን እንለቀልቀዋለን። ደርቆ ሲያበቃ እንደ ሰሌዳ ይሆናል። አንዲት የጤፍ ፍሬ ብትወድቅበት ተንከባልላ ትታያለች እንጂ አትሰወርም። ጫማ አድርጎ የሚገባበት ሰው አልነበረም። የተቆጣ ሰው እንኳ እህሉ የሚሰማው ይመስል ከአውድማው ወጥቶ ነበር የሚቆጣ።

ጥቂት ዓመት እንደቆየሁ የመውቂያ ማሽን ወደ አገራችን ገባ። መጀመሪያ በቆሎውን፣ ቀጥሎ ስንዴውን፣ በኋላም ጤፉን ወሰደ። ሰዉ ምርቱን መንገድ ዳር አውጥቶ በግማሽ ቀን አስወቅቶ መመለስ ለመደ። አውድማው ሥራ ፈታ። ከብቶቹ ወደ ውሃ ሲወርዱና ሲመለሱ ያቋርጡታል፤ አማቴ ደግሞ ጧት ጧት ጋቢያቸውን ተከናንበው ዳር ላይ ፀሐይ ይሞቁበታል። ሌላ ጥቅም አልነበረውም።

አማቴ ጉልበታቸው ሲደክም መሬታቸውን ለሁለቱ ልጆቻቸው አከፋፈሉ። አንዱ ባሌ ነው፤ ሌላው ታላቅ ወንድሙ፣ እኛ አያ እያልን የምንጠራው ዋርሳዬ። ዕጣ ሲጣል ለአያ ታች ያለው የበቆሎ መሬት ደረሰው፤ ለእኛ ደግሞ ከቤቱ በላይ ያለው ቁራጭ፣ አውድማው በመካከሉ ተቀምጦ። ባሌ አልተከፋም። ለብዙ ጊዜ በርበሬ የመትከል ሐሳብ ነበረው። በርበሬ ደግሞ ዓይን ይፈልጋል፤ ከቤት ደጃፍ ሲሆን ለመጠበቅም ለመኮትኮትም ይመቻል።

አውድማውን ማረስ ግን ዝም ብሎ የሚደረግ ነገር አይደለም። ባሌ አንድ ጧት አባቱ ፀሐይ የሚሞቁበት ድረስ ሄዶ፣ ቁጢጥ ብሎ፣ ስለ ዝናቡና ስለ በሬዎቹ ሲያወራ ቆይቶ በመጨረሻ ጠየቃቸው። እኔ ከበሩ ላይ ቆሜ እሰማለሁ። አማቴ በዱላቸው ጫፍ መሬቱን ቆርቆር አደረጉና፦

«እስከ ዛሬ ሲያበላን እንጂ ሲበላ አላየሁትም» አሉ።

ባሌ አሁንም ያበላችኋል ማለታቸው ነው ብሎ እንደ ፈቃድ ቆጠረው። የጎጃም ሽማግሌ ነገሩን በአንድ በኩል ብቻ አይናገርም፤ እኔ ግን ያን ጊዜ የባሌን ፍቺ ተቀብዬ ወደ ሥራዬ ገባሁ።

የመጀመሪያው እርሻ ቀኑን ሙሉ ፈጅቶ ለውጥ አላመጣም። ማረሻው መሬቱን አልያዝ እያለ ይንሸራተታል፤ በሬዎቹ ባዶ የሚጎትቱ መስሏቸው ይፈጥናሉ፤ ከዚያ ድንገት ነክሶ ሲይዝ ሞፈሩ ተሰበረ። ባሌ ከአያ ሞፈር ተውሶ ዝናብ ጠበቀ። ግንቦት ላይ መሬቱ ሲርስ እንደገና ገባበት። አሁን ይነሳል፣ ግን እንደ ጣውላ እየተገነጠለ ነው የሚነሣ። ጓሉን በመጥረቢያ ጀርባ እየመታን ሰበርን። ሲሰበር ደግሞ እንደ ዱቄት ይበናል። ወይ ድንጋይ ነው ወይ ዱቄት፤ በመካከሉ እጅ ላይ ቢይዙት ፍርፍር የሚል፣ አፈር የሚባል ነገር የለውም። ይህን አየሁት እንጂ ምን ማለት እንደሆነ አላወቅሁም ነበር።

ችግኙን ሰኔ መጨረሻ ላይ ተከልን። ያማረ ችግኝ ነበር። ሐምሌ ሲከፋ ያ ዱቄት የነበረው አፈር ከዝናቡ ጋር ተለውሶ መልሶ ተለሰነ፤ ከላዩም ውሃ ቆመ። ባሌን ያስገረመው ይህ ነው። ቦታው ከፍታ ነው፤ ከየትም የሚመጣ ጎርፍ የለም፤ የወረደው ዝናብ ብቻ መሄጃ አጥቶ እንደ ትሪ ላይ ውሃ ያንጸባርቃል። ነሐሴ ላይ በርበሬው መሞት ጀመረ። ጧት ቆሞ ያየነው ማታ አንገቱን ደፍቶ እናገኘዋለን። አንዱን ስነቅለው ሥሩ የጣት ያህል ወርዶ ከዚያ እንደ ክርን ታጥፎ ወደ ጎን ሄዷል። ጠቁሯል፤ ይሸታል። ሌላ ነቀልሁ፤ ያው ነው።

ባሌ ሲያዝን አይቆጣም። ለብዙ ቀን ወደ ላይ ሳይወጣ ቆየና አንድ ማታ እራት ላይ ባሕር ዛፍ እተክልበታለሁ አለኝ። የተበላሸ መሬት ሁሉ መጨረሻው ባሕር ዛፍ ነው፤ እሱ አዲስ ነገር አልተናገረም። ወሬው ግን አያ ዘንድ ደረሰ። የአያ በቆሎ ከአውድማው ሥር ነው። አያ መጥቶ ተቀመጠ፤ ስለ ጥጃው አወራ፤ ስለ ማዳበሪያው መዘግየት አወራ፤ ሊሄድ ሲነሣ ደግሞ ባሕር ዛፍ ጎረቤት አያውቅም የሚል ነገር ጣል አድርጎ ወጣ። ባሌ ገብቶታል። ወንድማማቾቹ ተጣልተው አያውቁም፤ እኔ ግን የዚያን ቀን ፈራሁ።

በዚያው ሰሞን የቀበሌያችን የግብርና ባለሙያ የአያን በቆሎ ተባይ ልታይ መጣች። ከኮሌጅ ከወጣች ብዙ ያልቆየች ወጣት ናት፤ ቦቲዋን ተጫምታ በእግሯ የምትዞር። በእኛ በኩል ስታልፍ ጠራኋትና የሞተውን በርበሬ አሳየኋት። ሥሩን አገላብጣ አየችው፤ ከዚያ አካፋ እንዳመጣላት ጠየቀችኝ።

ሁለት ቦታ ቆፈረች። አንዱን አውድማው መካከል፣ ሌላውን ዳር ላይ ካለው ብሳና ሥር፣ ሰውም ከብትም ከማይረግጠው። ከሁለቱም አንዳንድ አካፋ አፈር አውጥታ ጎን ለጎን አስቀመጠችው። የብሳናው ሥር አፈር በራሱ ጊዜ ፍርክስ አለ፤ የባቄላና የሽምብራ ፍሬ የሚያክል፣ ትንንሽ ሥር ያለበት፣ ትል ያለበት። የአውድማው እንደ ተደራረበ ሰሌዳ እንዳለ ቁጭ አለ። ከዚያ ከጉድጓዱ ግርጌ፣ ከስንዝር በታች፣ ሌላ አፈር ቆንጥራ አሳየችኝ። እሱ ደህና ነው፤ መንገዱ ነው የተዘጋበት አለችኝ።

ቀጥላ በጣሳ ውሃ አስቀዳችኝና ሁለቱም ቦታ ላይ አፈሰስን። የብሳናው ሥር ወዲያው ጠጣው። የአውድማው ውሃ እኛ ቆመን እያወራን፣ ሰማዩን እያሳየ እዚያው ቆየ። አፈር ማለት አፈሩ ብቻ አይደለም አለችኝ፤ ግማሹ ባዶ ቦታ መሆን አለበት። በሰፋፊው ቀዳዳ ውሃ ይወርዳል፣ አየር ይገባል፤ በጠባቡ ደግሞ ውሃ ተይዞ ለበጋ ይቆያል። ሥርም ትልም የሚኖሩት በዚያ ነው። እኔም እንደ እንጀራ ዓይን ማለት ነዋ አልኋት። ሳቀችና ከእንግዲህ እንደዚያ ብዬ ነው የማስረዳ አለች።

ከዚያም በጥልቀት ደጋግመን ብናርሰውስ ብዬ ጠየቅኋት። ብረት ይሰብረዋል፤ መልሶ ግን አይሠራውም አለች። የሚሠራው ሥር ነው፣ ብስባሽ ነው፣ ትል ነው፤ ከዚያ ደግሞ ሲርስ አለመርገጥ።

«ስንት ዓመት ይፈጃል?» አልኋት።

«እሱን አላውቅም። አልዋሽሽም።»

በዚህ መልሷ ነው ያመንኋት።

ለፋሲካ ወደ ቡሬ ወላጆቼ ዘንድ ሄድሁ። ከእናቴ ጋር ከቤቱ ጀርባ ስንዞር ግብጦ ተዘርቶበት የነበረ ቁራጭ መሬት ላይ ደረስን። ግብጦ ለእኔ አዲስ አይደለም፤ ልጅ ሆኜ በወንዝ ውሃ ተዘፍዝፎ ምሬቱ ሲወጣለት እየቆረጠምሁ ነው ያደግሁ። ግን ሥሩን ልብ ብዬ አይቼው አላውቅም ነበር። የቀረውን ግንድ ይዤ ስጎትተው እምቢ አለኝ። ዙሪያውን በእንጨት ጫርሁለትና ነቀልሁት። አውራ ጣት የሚያክል ሥር ቀጥ ብሎ ወርዷል፤ የትም አልታጠፈም። የወጣበት ቀዳዳ ውስጥ እጄን ብከት አፈሩ ለስላሳ ነው።

እናቴ በአገውኛ ምን ሆነሻል አለችኝ፤ መሬት ላይ ተቀምጬ አይታኝ። ነገሩን ነገርኋት። እሷ ስለ ቀዳዳም ስለ አየርም ሰምታ አታውቅም፤ ግን መሬት ሲደክም አባትሽ ግብጦ ይበትንበትና ዞር ይላል፤ ከብት አይበላው፣ አጥር አይፈልግ፣ ማዳበሪያ አይጠይቅ አለችኝ። ስመለስ አንድ ማዳበሪያ ከረጢት ግማሽ ድረስ ግብጦ ይዤ ሚኒባስ ላይ ወጣሁ።

ባሌ ከረጢቱን ከፍቶ ሲያይ አረቄ ልታወጪ ነው ወይ ብሎ ሳቀብኝ። ሁለት ክረምት ስጠኝ አልሁት፤ ካልሆነ ባሕር ዛፍህን ትከል፣ አያንም እኔ እለምናለሁ። እሺ ያለኝ አምኖኝ አይመስለኝም። ከወንድሙ ጋር የሚያቆየው ሰበብ ስላገኘ ይመስለኛል።

ብስባሹን ማዘጋጀት የእኔ ሥራ ሆነ። ቀላል አልነበረም፤ እበቱ ጉድጓድ ከገባ ኩበት የለም። ያን ዓመት በበቆሎ አገዳና በቆረቆንዳ ነበር የማበስል፤ ቶሎ ነድዶ ስለሚያልቅ ከምድጃው መራቅ አይቻልም። አንዳንዴ እበቱን ወደ ጉድጓዱ ስሸከም ይገርመኝ ነበር። ያንኑ መሬት ስንት ዓመት በእበት ስንደፍነው ኖረናል፤ አሁን በዚያው በእበት ልንከፍተው ነው። የአማቴ ንግግርም ያኔ ነው ሌላ የመሰለኝ። ሲበላ አላየሁትም ሲሉ እረሱት ማለታቸው ነበር ወይስ አብሉት? ሁለቱንም ይሆናል። መጠየቅ ነውር መስሎኝ ተውሁት።

ከብቶቹን ማዞር ነበረብን። አያን በአውድማው በኩል እንዳይነዳብን ስለምነው ዙሩ ሩቅ መሆኑን እያወቀ እሺ አለ። ባሕር ዛፉ እንዲቀር ብሎ ነው ብዬ አስባለሁ፤ ምንም ቢሆን ቃሉን ጠብቋል። ለአማቴ ከብሳናው ሥር ጥግ ላይ ያልታረሰ ቦታ ተውሁላቸው። ነሐሴ ጋመስ ብሎ ዝናቡ ሊቀንስ ሲል ግብጦውን ልንበትን ስንወጣ እሳቸው ቀድመውን ተነሥተው ቆመው አገኘናቸው። ውሃው የሚሄድበትን ፈሰስ በዱላቸው እየመሩ ባሌን አስቀደዱት። ለምን ብዬ አልጠየቅሁም፤ ዕድሜ ልካቸውን ያንን ቦታ ሲያዩት ኖረዋል።

የመጀመሪያው ዓመት ግብጦ የሚያኮራ አልነበረም። ጠንካራው ቦታ ላይ አልበቀለም፤ ሌላውም ሳሳ። አማቴ ግን እንደ በርበሬ ይጠብቁት ነበር። የጎረቤት ፍየሎች ሲጠጉ ከጥጋቸው ይነሣሉ። አንድ ቀን መራራ ስለሆነ ፍየል አይደፍረውም፣ አይድከሙ፣ አልኋቸው።

«አይበሉትም፤ ይረግጡታል እንጂ» አሉኝ።

ሲደርስ አልነቀልነውም። በማጭድ አጨድነውና ሥሩን እዚያው ተውነው፤ ገለባውንም መልሰን አለበስነው። ሁለተኛው ክረምት ሲመጣ ብስባሹን በተንን፤ አንድ ጊዜ ብቻ አርሰን ደግመን ዘራን። ዝናብ ከጣለ በኋላ ውሃ የሚቆምበት ቦታ አነሰ። እንዲያውም አንድ ቀን ባሌ ጭቃ ይዞ መጣና መዳፉን ከፈተልኝ፤ መካከሉ ላይ ቀይ ትል አለ። አየሁት፤ መልሶ ወሰደው።

ኅዳር ላይ ግብጦው ወገብ ደርሶ፣ ነጭና ሰማያዊ አበባ አውጥቶ፣ ከሥሩ ፍሬ መያዝ እንደ ጀመረ አማቴ ሞቱ። ሕመማቸው አጭር ነበር። አንድ ሳምንት ተኙ፤ የንስሐ አባታቸው መጥተው አናዘዟቸው፣ አቆረቧቸው፤ ሲነጋጋ አረፉ። እንደ አባት ነበሩልኝ። በሕይወታቸው አንድ ቀን ድምፃቸውን ከፍ አድርገውብኝ አያውቁም።

የእድሩ ሰዎች ድንኳን ተሸክመው መጡ። ለቀብሩ የሚመጣው ሕዝብ ብዙ ነው፤ ከሽንዲ፣ ከቡሬ፣ ከየአጥቢያው። ግቢያችን ተዳፋት ነው። ሜዳ ያለው አንድ ቦታ ላይ ብቻ ነው፤ እሱም ግብጦው የቆመበት። በዚያ ላይ ሌሊቱን ያልተጠበቀ ዝናብ ጥሎ መሬቱ ረጥቧል። ሰዎቹ ባሌን የት እንትከለው ብለው ጠየቁት። ባሌ ወደ ላይ አየ፤ ከዚያ እኔን አየኝ። አያ በቆሎው የተነሣበት የእኔ መሬት ላይ ይሁን አለ፤ ግን እዚያ ሽማግሌና አሮጊት የሚደርስበት መንገድ አይደለም።

የተሰማኝን ልናገር። ከሐዘኔ መካከል መሬቱን አሰብሁት። ሲርስ አትርገጡት የተባለው ቃል ጆሮዬ ላይ አለ፤ ሁለት ክረምት የለፋንበት በሦስት ቀን እግር ሊያልቅ ነው። ግን ደግሞ ሰውየው የት ይለቀስላቸው?

«እዚሁ ትከሉት» አልሁ። «የእሳቸው አውድማ ነው።»

ግብጦውን ራሴ በማጭድ አጨድሁት፤ የመንደሩ ሴቶች አገዙኝ። ከነአበባው ወደ ዳር ከመርነው። ሰዎቹ ካስማ ሊተክሉ ድጅኖ ይዘው ወጡ። በኋላ ባሌ እንደ ነገረኝ ድጅኖው አላስፈለገም፤ ካስማው በመዶሻ ብቻ ገባ። ወገኖቻቸው ሁሉ መጡ። ሦስት ቀን ሙሉ አልቃሹ ደረቱን እየመታ ዞረበት፤ ውሃ አመላላሹ፣ ንፍሮ አቅራቢው ተመላለሰበት፤ ማታ ማታ ደግሞ ካፊያ ይጥላል። አንዲት አሮጊት ከጎኔ ተቀምጠው መሬቱን በእጃቸው እየዳበሱ ምን አንጥፋችሁበት ነው እንዲህ የለሰለሰ አሉኝ። ምንም አላነጠፍንም እማማ፣ አፈሩ ነው አልኋቸው። ከዚያ በኋላ ለረጅም ጊዜ አለቀስሁ።

ከሣልስት በኋላ ድንኳኑ ተነቅሎ ሲሄድ ቦታው እንደ ቀድሞው አውድማ ሆኖ ነበር፤ ጠፍጣፋ፣ የሚያብለጨልጭ፣ የሰው እግር ጥፍር ሳይቀር የታተመበት። ባሌ እንተወው አለኝ። ቢያንስ ለእሳቸው ሆኗል። እኔም ክርክር አልነበረኝም። ባለሙያዋን እንዳላማክራት ወደ ሌላ ወረዳ ተዛውራ ነበር።

ከአርባቸው በኋላ ነው አካፋ ይዤ የወጣሁት። ባሌም ተከተለኝ። መሬቱ ደርቆ ስለነበር ላዩ ለአካፋው አስቸገረ፤ ሦስት ጣት ያህል ተደፍጥጧል። ከዚያ በታች ግን አካፋው ሰተት አለ። አወጣሁት። ፍርፍር አለ። የግብጦው ሥር አሁንም እዚያው አለ፤ ገሚሱ በስብሶ ቱቦ የመሰለ መንገድ ትቷል፤ ትሎቹ ወደዚያ ወርደው ኖሯል። ባሌ ተንበርክኮ አፈሩን በጣቱ ሲፈረፍር ቆየና ውሃ አምጪ አለኝ። በጣሳ አመጣሁለት። ላዩን በአካፋው ጫር ጫር አድርጎ አፈሰሰው። ውሃው ጥቂት አመነታ፤ ከዚያ ቡልቅ ቡልቅ የሚል ድምፅ አሰማና ወረደ። ባሌ እጁን በሱሪው ጠራርጎ ጣሳውን መልሶ ሰጠኝና ስለ ችግኝ መደብ ጠየቀኝ።

በሚቀጥለው ክረምት በርበሬ ተከልን። ለጥንቃቄ ሁሉንም አልሸፈንነውም፤ ግማሹ ላይ ደግመን ግብጦ በተንን። ሐምሌ ላይ ሌሊት ዝናቡ ሲወርድ ሁለታችንም ነቅተን እንሰማለን። ነሐሴ ደረሰ። አንዳንድ ቦታ የጠወለገ ነበር፤ አብዛኛው ግን ቆመ። ኅዳር ላይ ቀልቶ ስንለቅም እንደ ጎረቤቶቻችን ምርጥ መሬት አልሰጠንም። ለእኛ ግን በቅቶናል። ከበሩ በኩል ያለው ጥግ፣ እኛው ራሳችን የምንመላለስበት፣ እስካሁን ጠጣር ነው፤ እሱን መንገድ ብለን ተውነው።

ባለፈው ዓመት አያ መጣ። ከብቶቹን ያዞረበት አዲሱ መንገድ በበቆሎው ዳር ያልፋል፤ እዚያ ያለው መሬት ደድሮ በቆሎው ቢጫ ሆኖበታል። እንደ ልማዱ ስለ ሌላ ነገር ሲያወራ ቆይቶ ለመሄድ ሲነሣ የግብጦ ዘር ተርፏችኋል ወይ አለኝ። በቁና ሰፍሬ ሰጠሁት፤ ዝናቡ ሳይቀንስ እንዳይዘራው ነገርሁት። እሱ ግን ቸኩሎ ሐምሌ ላይ ዘራውና ገሚሱ በሰበሰበት። ዘንድሮ እንደገና ዘር ወስዷል፤ ዝናቡ እስኪቀንስ እጠብቃለሁ ብሏል።